አሥራ ሁለተኛው ዙምባራ

ሐያሲው ደባልቄ ሞቶ የተገኘው አዳራሽ ሙሉ ሰው ሲያጨበጭብ ነው። ጭብጨባው ለእሱ አልነበረም፤ በሕይወት ሳለም በዚህ ከተማ ያጨበጨበለት የለም። የአሶሳው ቡድን የቅል መለከቱን፣ ዙምባራውን፣ ነፍቶ ጨርሶ እጅ ሲነሣ፣ የቡለኗ ተዋናይት ሸዋነሽ ሻንጣዋን ልታመጣ ከመድረኩ ጀርባ ወዳለችው የቀርከሃ ክፍል ገባችና «ኡኡ!» ብላ ጮኸች። ሕዝቡ ጭብጨባውን ጨመረ። ትናንት በቴአትሯ ላይ ልክ እንደዚያ ስትጮህ አይቷት ነበርና፣ የቀጠለ መስሎት ነው።

ያልተሳሳተችው በሩ ላይ ለጥበቃ የቆመችው ሳጅን እታለም ብቻ ናት። «ይኼኛው የእውነት ነው» አለችና ሰዉን በክርኗ እየገፋች ገባች።

ጊዜው ጥር 1988 ዓ.ም. ነው። ክልሉ ገና መቋቋሙ ነው፤ ቢሮ ሳይኖረው ማኅተም ያለው፣ ወንበር ሳይኖረው ሰብሳቢ ያለው መሥሪያ ቤት ብዙ ነበር። ቢሆንም የመጀመሪያው የኪነ ጥበብ ፌስቲቫል ታወጀና ከቡለን፣ ከማንቡክ፣ ከባምባሲና ከአሶሳ ቡድኖች ተሰበሰቡ። የከተማው ጄኔሬተር የሚነሣው ሲመሽ በመሆኑ ትርኢቱ ሁሉ የሚታየው በጠራራ ፀሐይ ነው። አንደኛ የወጣ አዲስ አበባ ይሄዳል።

አንደኛውን የሚለየው ደባልቄ ነበር። የሁለተኛ ደረጃ የአማርኛ አስተማሪ ነው፤ በወጣትነቱ አዲስ አበባ መድረክ ላይ ሠርቷል ይባላል፤ ለሁለት ዓመት ተመድቦ መጥቶ ዘጠኝ ዓመት ቀረ። ትርኢቱ ሲያበቃ በየዕለቱ ግምገማ ይካሄዳል፤ ያን ጊዜ ሻይ ጠጥቶ እንኳ ሳይገመገም ወደ ቤቱ የሚሄድ አልነበረም። ደባልቄ ተነሥቶ መነጽሩን ይሰካና በቀይ እስክሪብቶ የጻፈውን ሂስ ያነብባል። ማመስገን የሚባል ነገር አልፈጠረበትም። ከተማው «ቀይ እስክሪብቶ» ይለዋል፤ እሱም ያውቃል፤ ደስም ይለዋል።

አሁን ግን ከወንበሩ ወድቆ በጀርባው ተንጋሏል። ክፍሏ ሁለት በር አላት፤ አንዱ ወደ መድረኩ መጋረጃ ጀርባ፣ ሌላው ወደ ጓሮ። ራሱ ያረፈው በጓሮው በር የሲሚንቶ ደፍ ጠርዝ ላይ ነው፤ ደሙም እዚያው ረግቷል። እታለም ተንበረከከች። መነጽሩ ታጥፎ በኮቱ ኪስ ውስጥ ነው። ሰዓቱ ከእጁ አልወለቀም። አጠገቡ ያለው ቴፕ ካሴቱን ቀድቶ ጨርሶ ቆሟል። ደብተሩ ተገልጦ ወድቋል፤ ከመሀሉ ገጾች ተገንጥለው፣ በቅሪታቸው ላይ የቀይ ቀለም ጭራ ይታያል።

ጓሮውን አየች። አቧራ እንዳይነሣ ትርኢቱ ሊጀመር ሲል ውኃ ተረጭቶበታል፤ ቀዩ አፈር እንደ ሊጥ ለስልሷል። አንድም የሰው ዱካ የለበትም።

የፖሊስ አዛዡ ምንይችል ከጢሙ በኋላ ደረሰ፤ ጢሙ ሁልጊዜ ይቀድመዋል። ዓይኑ ግድግዳው ላይ የተደገፈ ከዘራ ላይ አረፈ።

«የማን ነው?»

«የሙርሳል» አለ አንዱ።

«ያ ትናንት የተራገመው ሽማግሌ? በቃ፣ አለቀ!»

ሙርሳል የዙምባራው ቡድን መሪ ነው። ትናንት በግምገማው ደባልቄ የፈየራን ቴአትር «ሁለተኛው ገቢር ሞቷል፤ ቀባሪ አጥቶ ነው ያልተቀበረው። ደራሲው ገጸ ባሕርያቱን አያምናቸውም፤ በሁሉም አፍ የሚናገረው ራሱ ነው» ብሎ ነበር። ሰው ሳቀ። ፈየራ ደግሞ ወላጆቹ ባምባሲ ላይ በበሽታ ሲያልቁ፣ ሙርሳልና ሚስቱ ኡምኩልሱም ከጡት ጀምረው ያሳደጉት ልጅ ነው። ሽማግሌው ከሳቁ መሀል ተነሥቶ «ልጄ አዋረደ! ይህ ምላስ ይታሰር!» አለ። አራት መቶ ሰው ሰምቷል።

«ከዘራማ ምን ይፈረድበታል?» አለች እታለም። «ሁሉም ዕቃውን የሚያስቀምጠው እዚህ ነው።»

«እንግዶቹ ነገ ከመሄዳቸው በፊት ነገሩ መዘጋት አለበት። ነገ በአራት ሰዓት ሽማግሌው ወደ ወህኒ ይላካል። እስከዚያ ሌላ ሰው ካገኘሽ አምጪ።»

እታለም ጣቢያው ውስጥ ሙርሳል ፊት ተቀመጠች።

«አባቴ፣ እርስዎ ነዎት?»

ሙርሳል ሴቱንም ወንዱንም «አንተ» ነው የሚለው። «አንተ ምን ያስባል?»

«እኔማ የሚያስቡትን ነው የምጠይቅዎ። አልገደልኩም ይበሉኛ!»

«እኔ አልልም።»

«እንግዲያስ ገደልኩ ይበሉ።»

«ይህም አልልም። እኔ እሰር። ኸላስ፣ አለቀ።»

እታለም በዚህ ሥራ ስድስት ዓመት ቆይታለች። ገዳይ «አልገደልኩም» ይላል፤ ንጹሑም ጮክ ብሎ እንደዚያው ይላል። ሁለቱንም የማይል ሰው አጋጥሟት አያውቅም። ይህ ሰው የያዘው ነገር የራሱ አይደለም አለች በልቧ።

ሸዋነሽን አዳራሹ ደጃፍ አገኘቻት።

«እዚያ ክፍል ውስጥ ምን ይሠራ ነበር?»

«ሁልጊዜ እዚያ ነው እኮ የሚቀመጠው፣ እትዬ። ወንበሩን ከደፉ አጠገብ ያደርግና መነጽሩን አውልቆ፣ ዓይኑን ጨፍኖ ነው የሚያዳምጠው። ‹ዓይን ይሸነገላል፣ ጆሮ ግን አይሸነገልም› ይል ነበር። ተመልካቹ አያውቅም፤ እኛ ተጫዋቾቹ ግን እናውቃለን።»

«አንቺንስ ምን ብሎሽ ነበር?»

«‹የምታለቅሺው ሽንኩርት እንደሚከትፍ ሰው ነው›!» ሸዋነሽ ሳትፈልግ ሳቀች። «ሰው ሁሉ ሳቀብኝ። ማታ ለብቻዬ ሞከርኩት፣ ወላዲትን! እውነቱን ነበር።»

«ዙምባራው ሲነፋስ የት ነበርሽ?»

«ከፊት፣ ከጓደኞቼ መሀል። ያዩኝ ነበር፤ ጆሮዬን ይዤ።»

የፌስቲቫሉ አስተባባሪ የሻው በዚያ ሙቀት ሙሉ ልብሱን ግጥም አድርጎ ለብሷል። የራሱም ቴአትር በውድድሩ ውስጥ ነበር፤ አስተባባሪም ተወዳዳሪም መሆኑ ያስገረመው ሰው አልነበረም። ዙምባራው ሲነፋ ከፊት ወንበሩ ተነሥቶ እንደነበር እታለም ከበሩ ላይ አይታዋለች።

«የት ሄደው ነበር፣ አቶ የሻው?»

«ሽንት ቤት... በጓሮ በኩል።»

«በጓሮ በኩል?»

«አዎ፣ በጓሮ።» ላቡን በመሐረብ ጠረገ።

እታለም ወደ ጫማው አየች። እንደ መስታወት ያበራል። ማስታወሻዋ ላይ ጻፈች።

በመጨረሻ ፈየራን አገኘችው። በረንዳው ላይ ተቀምጦ ዙምባራዎቹን አንድ በአንድ በጨርቅ እየጠቀለለ ጆንያ ውስጥ ያስገባል። ቀጭን፣ ሃያ ስድስት ዓመት ቢሆነው ነው።

«ፈየራ፣ ስትነፉ ከመሀላችሁ የጎደለ ሰው ነበር?»

«ሁላችንም ነበርን። ሕዝቡን ጠይቂ።»

ሕዝቡም ይመሰክራል። ነፊዎቹ በሰልፍ መድረኩን ዞረው ከኋላ መጋረጃው ጀርባ ይገባሉ፤ በሌላው ወገን ይወጣሉ፤ እንደገና ይዞራሉ። እታለም ራሷም ያየችው ይህንኑ ነው።

«ጋሽ ደባልቄን ትጠላቸው ነበር?»

እጁ ቆመ። «አስተማሪዬ ናቸው። ያነበብኩትን መጽሐፍ ሁሉ ያዋሱኝ እሳቸው ናቸው። ግን አንድ ቀን፣ አንድ ቀን እንኳ ጎበዝ ብለውኝ አያውቁም።» አንዷን ዙምባራ ጠቀለለና ለራሱ የሚናገር ይመስል፣ «እስከ መጨረሻው እኮ እያዳመጡ ነበር» አለ።

እታለም ይህንንም ጻፈች። ለምን እንደጻፈችው ግን አላወቀችም።

በማግስቱ ጠዋት ጣቢያው በር ላይ ኡምኩልሱምን ቁጭ ብላ አገኘቻት፤ ለባሏ የማሽላ ገንፎ በሳህን ቋጥራ መጥታለች። እታለም ሌሊቱን የደባልቄን ካሴት ሦስት ጊዜ ሰምታ ምንም አልያዘችም፤ ዙምባራው የሰው ድምፅ ቢኖርም ውጦታል፣ አንዴ ብቻ በመሀሉ «ጓ» የሚል ነገር አለ። ለቴፑ አዲስ ባትሪ ድንጋይ አስገባችና አሮጊቷ አጠገብ ተቀመጠች።

«እማማ፣ እስቲ ይህን ይስሙልኝ። እኔ ሁሉም ጥሩምባ ነው የሚመስለኝ።»

«ጥሩምባ!» ኡምኩልሱም በዚያ ሁሉ ኀዘኗ ውስጥ ሳቀች። «አንተ ስንት ዓመት ነው እዚህ?»

«ከሰፈራው ጊዜ ጀምሮ። አሥራ አንድ ዓመት።»

«አሥራ አንድ ዓመት ጆሮ የት ሄደ? ስማ። አሥራ ሁለት ሰው ነው። አንድ ሰው፣ አንድ ድምፅ ብቻ። ይህ ይላል፣ ያ ይመልሳል። አንድ ሰው ብቻው ዘፈን የለውም። አሥራ ሁለቱ ሲሆን ዘፈን መጣ።»

ካሴቱ ሄደ። አሮጊቷ ዓይኗን ጨፍና በጣቷ ጉልበቷን እየመታች ትቆጥርላት ጀመር፤ አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት፣ እስከ አሥራ ሁለት፤ እንደገና ከአንድ። እታለም ጣቷን ተከትላ ስትሰማ ጩኸቱ ቀስ እያለ እንደ ሰው ወግ ተራ ያዘላት። ድንገት የኡምኩልሱም አሥራ ሁለተኛ ምት ባዶ ላይ አረፈ። ድምፅ የለም። በቀጣዩም ዙር ባዶ። በሦስተኛው ባዶ፤ «ጓ» የሚለው ነገር እዚያ ላይ ተሰማ። ከዚያ አንድ ሁለት ዙር አልፎ ክፍተቱ ሞላ።

ጣቷ አየር ላይ ቀረ።

«ምን ጎደለ፣ እማማ?»

«የለም። ባትሪ ነው። ደክሟል።»

«ባትሪው አዲስ ነው።»

«እንግዲያ ጆሮ ነው። እኔ አርጅቷል።»

ቋጠሮዋን ፈታች፤ ክዳኑን ገለበጠችና ገንፎውን ለሁለት ከፈለችው። አንዱን በሳህኑ፣ ሌላውን በክዳኑ ላይ። እንባዋ ገንፎው ላይ ይንጠባጠባል።

እስረኛው አንድ ነው። እታለም ሁለቱን ድርሻ አየች። «ሁለተኛው ለማን ነው?» ልትል አፏን ከፈተችና መልሳ ዘጋችው። አንዳንድ ጥያቄ ቢመለስም ባይመለስም ያው ነው።

በሦስት ሰዓት ሁሉም አዳራሹ ውስጥ ተሰበሰቡ። ምንይችል ሰዓቱን እያየ ከፊት ተቀመጠ። ሙርሳልም ከጣቢያ ተወስዶ መጥቷል።

«ጋሽ ደባልቄ መነጽራቸው ኪሳቸው ውስጥ ነበር» ብላ ጀመረች እታለም። «እያዳመጡ ነው የሞቱት ማለት ነው፤ የገባውንም ሰው አልፈሩትም። ሰዓታቸው አልተወሰደም። የተወሰደው ቀዩ ገጽ ነው። ሌባ ለቀይ ቀለም ምን አስጨነቀው? የፈለገው የተነቀፈ ሰው ነው።»

«ያልተነቀፈ ማን አለ?» አለ ምንይችል።

«እሱስ እውነት ነው። በየት ገባ ታዲያ? ጓሮው ጭቃ ነበር፤ ዱካ የለበትም። አቶ የሻው ‹በጓሮ ወጣሁ› አሉኝ፤ ጫማዎ ግን ያበራ ነበር። በዚያ አልሄዱም። ስለዚህ ገዳይ አይደሉም፤ ዋሾ ግን ነዎት። የት እንደነበሩ በኋላ ይነግሩናል።» የሻው ሙሉ ልብሱ ውስጥ አነሰ።

«ሸዋነሽ ከፊት ተቀምጣ ጓደኞቿ አይተዋታል። እንግዲህ የቀረው መንገድ አንድ ነው፤ ከመጋረጃው ጀርባ። ዙምባራው ሲነፋ ከመጋረጃው ጀርባ ያለፉት ነፊዎቹ ብቻ ናቸው።»

«አሥራ ሁለቱም መድረክ ላይ ነበሩ! አራት መቶ ሰው አይቷል» አለ ምንይችል።

«አራት መቶ ሰው ሰልፍ አየ እንጂ አልቆጠረም። እኔም አልቆጠርኩም። ዜማው ግን ቆጥሯል።»

ካሴቱን አሰማቻቸው። «ይህን ክፍተት ስሙ። ‹ጓ› የሚለውም ወንበሩ ሲወድቅ ነው፤ ክፍተቱ ውስጥ ነው ያለው። የጎደለው ማን እንደሆነ እነሱው ይንገሩን። ተነሡና ንፉ። በየተራ አንዳንድ ሰው ዝም ይበል።»

ነፉ። መጀመሪያ ሙርሳል ዝም አለ፤ ዜማው ራስ እንደሌለው ሰው ተደናበረ።

«ይህ የካሴቱን ይመስላል?»

«አይመስልም» አለ ምንይችል ሳይወድ።

«ስለዚህ አባታችን ከሰልፉ አልተለዩም። ቀጥሉ።»

ሁለተኛው ዝም አለ። ሦስተኛው። አራተኛው ዝም ሊል ሲል፣ ከሰልፉ መጨረሻ ትንሿ ዙምባራ ወለሉ ላይ ቀስ ብላ ተቀመጠች። ፈየራ ነው። የቀሩት አላዩትም፤ ነፉ። አሥራ ሁለተኛው ቦታ ላይ ባዶ መጣ፤ እንደገና ባዶ። የካሴቱ ዜማ ራሱ። የምንይችል ጢም ሳይቀር ወደ ታች ወረደ።

ነፊዎቹ አንድ በአንድ አቆሙ።

«‹እስከ መጨረሻው እያዳመጡ ነበር› ያልከኝ ትናንት ነው» አለች እታለም በዝግታ። «መጨረሻቸውን ያላየ ሰው ያንን አያውቅም።»

«ልለምናቸው ነው የሄድኩት» አለ ፈየራ። «ሂሱን አዲስ አበባ እንዳይልኩት። የሚያነቡልን ቀዩ ጽሑፍ ነው የሚላከው ብዬ አስቤ። ከኋላዬ ሰው የለም፤ አንድ ዙር ብቀር ማን ያውቃል አልኩ። ዓይናቸውን ጨፍነው ነበር። ‹ጋሼ› ስላቸው ‹ሽ! አንተ እዚህ ምን ትሠራለህ? ዜማው ጎደለ እኮ! ሂድ፣ ተመለስ!› አሉኝ። ያባረሩኝ መሰለኝ። ደብተሩን ሳብኩ። እሳቸውም ሳቡ። ገጹ ሲቀደድ ወንበሩ ወደ ኋላ ሄደ።»

«ከዚያስ?»

«ያሉኝን አደረግኩ። ተመልሼ ነፋሁ።» ፊቱን በእጁ ሸፈነ። «የወደቁት በደኅና መስሎኝ ነው ልል ነበር። ውሸት ነው። አውቄያለሁ።»

«አባትህስ ታስረው ሲያድሩ?»

የመለሰው ሙርሳል ነው። «እኔ ከፊት ነኝ። ሰማሁ። ልጄ የለም። በኋላ ልጄ መጣ። ግን ድምፁ ሌላ ነበር። ያ ጊዜ ኸላስ፣ አወቅሁ።»

ያን ጊዜ የሻው ተነሣ። ከደረት ኪሱ የተከፈተ ፖስታ አወጣ። «እኔ... ትኬት ክፍል ውስጥ ይህን እያነበብኩ ነበር። ደባልቄ ትናንት ጠዋት አሽጎ ሰጠኝ፤ ወደ አዲስ አበባ የሚሄደው ይህ ነው። ቀዩ የትም አይሄድም፤ ለልጆቹ ለራሳቸው ነው። ይህንን የማውቀው እኔ ብቻ ነኝ። የእኔ ቴአትር ይሆን ብዬ ከፈትኩት፤ ሳይሆን ሲቀር ደበቅኩት።»

«ያንብቡት» አለች እታለም።

ጽሑፉ በሰማያዊ ቀለም ነው። የሻው ድምፁ እየተሰበረ አነበበ። «ከቴአትሮቹ አንደኛ ያደረግኩት የፈየራን ነው። ሁለተኛው ገቢር ይታረማል፤ እንደ መጀመሪያው ገቢር ያለ ግን በሃያ ዓመት ውስጥ አላየሁም። ፊት ለፊት አላመሰግነውም። እኔን በለጋነቴ አጨበጨቡልኝና ሁለተኛ ድርሰት ሳልጽፍ ቀረሁ። እሱ እንዲጽፍ እፈልጋለሁ። ቴአትር የሚማርበት ቦታ ፈልጉለት። ደብዳቤዬን አታሳዩት።»

ሸዋነሽ አለቀሰች። ሽንኩርት አልነበረበትም።

ፈየራ ኮቱ ውስጥ እጁን ከትቶ የተጨማደዱ ቀይ ገጾች አወጣና ለእታለም ሰጣት። «አላነበብኳቸውም» አለ። «ፈርቼ።»

እሷ አየቻቸው። ፈየራ የሚል ስም በከትናንት በስቲያው ገጽ ብቻ ነበር። ደባልቄ በሞተበት ዕለት ገጽ ላይ ያለው አንድ መስመር ነው፤ ቀለሙ ከመሀል ይቋረጣል። «ዙምባራ፦ አሥራ ሁለተኛው ከመሀል ጠፋ፤ ያለ እሱ ዜማው...»

ከሰዓት በኋላ የደባልቄን አስከሬን ወደ አገሩ የሚወስደው መኪና አዳራሹ ፊት ቆመ። ዘጠኝ ዓመት ሙሉ ያላጨበጨቡለት ሰዎች መንገዱን ሞሉት። ሙርሳል ቡድኑን አሰለፈ። በፈየራ ቦታ የሚገባ ሰው ቢለምንም እንቢ አለ። «ይህ ሰው የሚሰማ ሰው ነው» አለ። «ውሸት አንነፋለትም።» በአሥራ አንድ ነፉ፤ አሥራ ሁለተኛውን ቦታ ባዶውን እየተዉለት።

እታለም ጣቢያው ውስጥ ቀርታ ነበር፤ ቃል መቀበል አለባት። ኡምኩልሱም በክዳኑ ያደረገችው ገንፎ ፈየራ ፊት ሳይነካ ደርቋል። ዜማው ከሩቅ በመስኮቱ ገባ። እታለም አሥራ አንድ ዓመት ጩኸት ስትለው የኖረችውን ዜማ ሳታስበው በጣቷ ጠረጴዛው ላይ ትቆጥር ጀመር። አሥራ አንድ ላይ ደርሳ ቀና አለች።

ፈየራ ዓይኑን ጨፍኗል። ባዶው ቦታ በደረሰ ቁጥር ከንፈሩ ይሾላል፤ በልኩ፣ በሰዓቱ፣ አንድም ጊዜ ሳይስት፤ ድምፅ ግን አይወጣውም።

እስክሪብቶዋን አስቀመጠችና መኪናው እስኪርቅ ጠበቀችው።